እናቴ «ታምር ነው» ስትል ምን ማለቷ ነው?

#1 — የሰኞ ልጅ

ሰላም ለሁላችሁ። አንድ ቃል እንቅልፍ ነስቶኛል፤ እባካችሁ የምታውቁ እርዱኝ።

ባለፈው ሳምንት የአክስቴ ልጅ የተሳፈረችበት ሚኒባስ ተገለበጠ። ጋቢና ነበር የተቀመጠችው። እግዚአብሔር ይመስገን፣ እጇ ላይ ከተሰበረው አንድ አጥንት በቀር ደህና ናት። እናቴ ሆስፒታል ደርሳ ስታያት መጀመሪያ ያለችው «ታምር ነው!» ነው። እኔም ቸኩዬ «እማ፣ ታምር እኮ አይደለም። ቀበቶ አስራ ስለነበረ ነው» አልኳት። ቀና ብላ አየችኝና «ቀበቶውን መች ካድኩ? ታምር ነው ነው ያልኩት» አለችኝ።

መልስ አጣሁ። እኔ የማውቀው ታምር ማለት ምክንያት የሌለው ነገር ነው። ምክንያቱ ከታወቀ ታምርነቱ ይቀራል። እናቴ ግን ምክንያቱንም ታምሩንም አንድ ላይ ይዛ ምንም አልጨነቃትም። ታዲያ ማናችን ነን ቃሉን የተሳሳትነው? ከየትስ ነው የመጣው? ደግሞ «ታምር» ነው፣ «ተአምር» ነው ወይስ «ተዓምር»? ሦስቱንም ተጽፈው አይቻለሁ።

#2 — ሐኪሙ

ወንድሜ፣ እንኳን እግዚአብሔር አተረፋት።

በእኔ ግንዛቤ አንተ ልክ ነህ። ተአምር ከተፈጥሮ ሕግ ውጪ የሆነ ነገር ነው። ሙት ሲነሳ፣ ባሕር ሲከፈል። ቀበቶ ሰውን ወንበሩ ላይ ይዞ የሚያስቀረው ግን በተፈጥሮ ሕግ ነው። እኔ የምሠራው ድንገተኛ ክፍል ነው። በየሳምንቱ «በታምር ተረፈ» ሲባል እሰማለሁ፤ ብዙ ጊዜ ምክንያቱን የራጅ ፊልሙ ላይ ማሳየት እችላለሁ። ቤተሰቡን ግን አላርምም። ቃሉ እዚያ ሰዓት ላይ የሚሠራው ሥራ እንዳለ ይሰማኛል። ምን እንደሆነ ግን ለይቼ ልናገር አልችልም።

#3 — ግእዝ ለሁሉ

የሰኞ ልጅ፣ ጥያቄህ ደስ ብሎኛል። እናትህ ቃሉን ከሁላችንም በተሻለ የምታውቀው ይመስለኛል። ለምን እንደሆነ ላስረዳ፤ ትንሽ ረዘም ይላል።

ቃሉ ግእዝ ነው። ሥሩ «አመረ» ነው፤ አመለከተ፣ ጠቆመ፣ አሳየ ማለት ነው። ከዚሁ ሥር «አእመረ» ይወጣል፤ ዐወቀ ማለት ነው። «አእምሮ» የምንለው ከዚያ ነው። «ማእምር» ዐዋቂ፣ «ማእምራን» ዐዋቂዎች፣ «ሊቀ ማእምራን» የዐዋቂዎች አለቃ። አሁን «ተአምር»ን ከእነዚህ አጠገብ አስቀምጡት። ቤተ ሰቡ በሙሉ የማሳየትና የማወቅ ቤተ ሰብ ነው። ውስጡ ሕግ ስለ መጣስ የሚናገር አንዲት ፊደል የለችም።

ስለዚህ ተአምር በመነሻው «ምልክት» ነው። ወደ ሌላ ነገር የሚጠቁም ነገር። የአለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ መዝገበ ቃላት በእጁ ያለ ሰው «አመረ» የሚለውን ፈልጎ ይመልከት። መጽሐፉ በ1948 ዓ.ም የታተመው ነው። ፊደሉ በ«አበገደ» ተራ ስለ ሄደ «አ»ን መካከል ላይ አትፈልጉ፤ መጀመሪያ ላይ ናት።

ሌላም ማስረጃ አለ። በግሪክኛው ወንጌል ዮሐንስ ስለ ጌታ ሥራዎች ሲጽፍ የሚጠቀምበት ቃል «ሴሜዮን» ነው፤ ምልክት ማለት ነው። የ1954 ዓ.ም የአማርኛ መጽሐፍ ቅዱስም ይህን ጠብቆታል። የቃና ዘገሊላን ሠርግ አንብቡ። ውሃው ወይን ጠጅ ከሆነ በኋላ ጽሑፉ «የምልክቶች መጀመሪያ» ነው የሚለው። ብዙ ሰው ይህን ሲያነብ «ለምን ታምር አላለም?» ብሎ ግራ ይገባዋል። ግን ሁለቱ ቃላት አንድ ናቸው፤ አንዱ በግእዝ፣ አንዱ በአማርኛ።

ከፈረንጆቹ ቃል ጋር ሲተያይ ደግሞ ልዩነቱ ይጎላል። እንግሊዝኛውም ፈረንሳይኛውም ከላቲን «ሚራኩሉም» የመጣ ነው፤ ሥሩ መደነቅ ነው። ያ ቃል የሚናገረው ስለሚያየው ሰው ነው። አፉን ከፍቶ ስለ ቆመው። የእኛ ቃል የሚናገረው ጣቱን ስለ ዘረጋው ነገር ነው። እኔ በግሌ ይህን ልዩነት እወደዋለሁ። አንድ ሰው ተአምር ሲነግረኝ «እንዴት ሆነ?» ብዬ ብቻ አልተውም። «ምን ሊያሳይ?» ብዬም እጠይቃለሁ። ቃሉ ራሱ ነው የሚያስጠይቀኝ።

ስለ አጻጻፉ፦ ሥሩ «አመረ» በአልፋው «አ» ስለሆነ «ተአምር» ነው። «ተዓምር» ሲባል ዐይኑ «ዐ» ከሥሩ ጋር አይሄድም። «ታምር» ግን ስሕተት አይደለም፤ ምላሳችን አጥፎ የሚጠራው ነው። «ትእዛዝ»ን «ትዛዝ» እንደምንለው ነው።

#4 — የኑር አባት

አሰላሙ ዐለይኩም፣ ሰላም ለሁላችሁ። መምህር ግእዝ ለሁሉ፣ ያሉትን ሳነብ ልቤ ሞቀ። ምክንያቱን ልንገርዎ።

በዐረብኛ «አያ» የሚባል ቃል አለ። አንድ የቁርኣን አንቀጽ አያ ይባላል። ግን አያ ማለት በመነሻው ምልክት ነው። ሌሊትና ቀን መፈራረቃቸው አያ ነው። ዝናብ የሞተችን መሬት ማልበሱ አያ ነው። ሙሳ በትሩን የጣለበት ጊዜም አያ ነው። ሁሉም በአንድ ቃል! በአማርኛው የቁርኣን ትርጉም ላይ ይህ ቃል በብዙ ቦታ «ተዓምራት» ተብሎ ነው የተቀመጠው። ልጅ ሆኜ ሳነብ «ዝናብ ምኑ ነው ታምር?» እያልኩ እገረም ነበር። በየክረምቱ የሚዘንብ ነገር ነው። ዛሬ ገና ገባኝ። ተርጓሚዎቹ የቃሉን ሥር ይዘው ነው የሠሩት።

እኛ ጋ ሌሎች ሁለት ቃላትም አሉ። «ሙዕጂዛ» ለነቢያት ነው፤ ሥሩ አቅም ማሳጣት ነው። ሌላው ሰው እንዲህ ያለውን ማምጣት የማይችለው ማለት ነው። «ከራማ» ደግሞ ለወልዮች፣ ለአላህ ወዳጆች ነው፤ ክብር፣ ስጦታ ከሚለው ነው። ሐኪሙ ያሉት ትርጉም ለሙዕጂዛ ይቀርባል። ለአያ ግን አይሆንም።

አንድ ጥያቄ አለኝ። «አምር» በዐረብኛ ትእዛዝ ነው። ተአምር ከዚያ አይመጣም? የፈጣሪ ትእዛዝ ለማለት?

#5 — ግእዝ ለሁሉ

ወዐለይኩም ሰላም፣ የኑር አባት። የዝናቡ ነገር ግሩም ነው። እኔም አላሰብኩት።

«አምር» እና «ተአምር» ወንድማማቾች ናቸው፤ አንዱ የሌላው አባት ግን አይደለም። ሦስቱ ፊደላት፣ አ-መ-ረ፣ በሴማውያን ቋንቋዎች ሁሉ ተበትነዋል። በዕብራይስጥ «አማር» አለ፣ ተናገረ ነው። በዐረብኛ «አመረ» አዘዘ ነው። በጥንቱ አካድኛ «አማሩ» አየ ነው። በግእዝ አሳየ፣ አእመረ ደግሞ ዐወቀ። ማየት፣ ማሳየት፣ መናገር፣ ማዘዝ፣ ማወቅ። አንድ ሥር ከቤት ወጥቶ በየአገሩ የተለያየ ሥራ ይዞ እንደ ተገኘ ቁጠሩት። ግእዙ ተአምርን ከዐረብኛ አልተበደረም። ከራሱ ሥር ነው ያበቀለው።

#6 — ብርሃን በቀለም

እኔ አማርኛ አስተምራለሁ። አራተኛ ክፍል። ሥርዓተ ነጥብ ሳስተምር «ትምህርተ ጥቅስ»፣ «ትምህርተ አንክሮ»፣ «ትምህርተ ሥላቅ» እላለሁ። እንዲህ ነው የተማርኩት፤ ብዙ ጽሑፍ ላይም እንዲህ ነው ያየሁት። አንድ ተማሪዬ ባለፈው «ቲቸር፣ ምኑን ነው የሚያስተምረው?» ብሎ ጠየቀኝ። ጥቅሱን እንድንለይ ያስተምረናል ብዬ አለፍኩት። ግን መልሴ ለራሴም አልጣመኝም። ይህን ክር ሳነብ አንድ ነገር ጠረጠርኩ። መምህር፣ ይህ «ትምህርት» የሚባለው «ትእምርት» ቢሆንስ?

#7 — ግእዝ ለሁሉ

መምህርት ብርሃን፣ እጅዎን ልስምዎ! ልክ ነዎት። «ትእምርት» ነው። ምልክት ማለት ነው። ትእምርተ ጥቅስ የጥቅስ ምልክት፣ ትእምርተ አንክሮ የመደነቅ ምልክት። «ትምህርት» በጆሮ ስለሚመሳሰል ገብቶ ቦታውን ያዘ። ሥራቸው ግን ለየብቻ ነው። ትምህርት ከ«መሀረ» ነው፣ አስተማረ። ትእምርት ከ«አመረ» ነው። የተመሳሰሉት በአንድ ቅርጽ ስለ ተሠሩ ነው፤ ፊቱ ላይ «ት»፣ መጨረሻው ላይ «ት»። ትምክሕትም፣ ትዕግሥትም፣ ትንቢትም በዚሁ ቅርጽ የተቀረጹ ናቸው።

እና «ትንግርት»! ይህን ቃል የማይወድ አለ? ድንቅ፣ ያልተለመደ ነገር ሲያጋጥም ትንግርት እንላለን። ሥሩ «ነገረ» ነው። የሚነገር ነገር፣ ሰው ሰምቶ ዝም የማይለው፣ ለጎረቤት ሳይነግር የማያድር ነገር። ትእምርት ያሳያል፣ ትንግርት ይነገራል።

«አንክሮ»ን ደግሞ እንየው። «አንከረ» ተደነቀ ነው። «መንክር» ድንቅ የሆነ። በግእዝ መጻሕፍት ተአምርና መንክር ተያይዘው ይሄዳሉ። የሥሩ ሌላ ልጅ «ነኪር» ነው፤ ባዕድ፣ እንግዳ ማለት ነው። መንክር እንግዳ ስለሆነብን የሚያስደንቀን ነው። ነገ ከተለመደ መንክርነቱ ይቀንሳል። ተአምር ግን ምልክት ስለሆነ ቢለመድም ማመልከቱን አያቆምም፤ የኑር አባት እንዳነሡት ዝናብ።

እንግዲህ ትንሿን «!» ተመልከቷት። ስሟ ትእምርተ አንክሮ ነው። የተአምር ሥርና የመንክር ሥር አንዲት ጭረትና አንዲት ነጥብ ላይ ተገናኝተዋል። ይህን ባሰብኩ ቁጥር ደስ ይለኛል።

#8 — ሰላም ነሽ

እኔ የማርመው አንድ ነገር አለ፤ አትቆጡ። «ተአምራቶች» አትበሉ። «ተአምራት» ራሱ ብዙ ቁጥር ነው። «መላእክቶች»፣ «ሕፃናቶች» እንደማለት ነው። አንድ ሲሆን ተአምር፣ ሲበዛ ተአምራት ወይም ተአምሮች።

ከዚህ ሁሉ ይበልጥ የምወደው ግን «ድንቅ» ነው። ደነቀ፣ ተደነቀ፣ ድንቃድንቅ። ሰው ሲሰማው ይገባዋል፤ መዝገበ ቃላት አያስከፍትም። በ1967 ዓ.ም ኅዳር ላይ አፋር ውስጥ ሐዳር የተገኘችውን የ3.2 ሚሊዮን ዓመት ቅሪት ዓለም ሉሲ ሲላት እኛ «ድንቅነሽ» አልናት። ድንቅ ነሽ! ፊት ለፊት ቆሞ የሚናገራት ስም። ከአፈር የወጣን አጥንት «አንቺ» ብሎ የሚጠራ ስም ሌላ አላውቅም።

#9 — የሰኞ ልጅ

የት ነበራችሁ እስከ ዛሬ! ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ደጋግሜ እያነበብኩ ነው።

አንድ ነገር ግን ልጨምር። እነዚህ ሁሉ የብርሃን ቃላት ናቸው። ስለ ጨለማዎቹስ? አስማት፣ ድግምት፣ መተት። እነዚህም ከተፈጥሮ በላይ ለሆነ ነገር ነው የሚነገሩት። እነሱ ከየት መጡ? አንድ ጓደኛዬ ደግሞ ስለ «ምትሃት» ጠይቅልኝ ብሏል።

#10 — የብራና ልጅ

ክሩን ከመጀመሪያው እያነበብኩ ነበር። ይህኛው የእኔ ነው። አያቴ ብራና ፋቂ ነበሩ፤ ከልጅነቴ ጀምሮ ክታብ ሲጻፍ እያየሁ ነው ያደግሁት።

«አስማት» የሚለው ቃል በግእዝ ምንም የሚያስፈራ ነገር የለውም። የ«ስም» ብዙ ቁጥር ነው። ስም፣ አስማት። ስሞች፤ በቃ ይኸው ነው። «አስማተ ቅዱሳን» ቢባል የቅዱሳን ስሞች ነው።

ታዲያ እንዴት እዚህ ደረሰ? በክታቡ በኩል ይመስለኛል። የድሮ ክታብ ጠባብና ረጅም ብራና ነው። ብዙ ጊዜ ቁመቱ በባለቤቱ ቁመት ልክ ይደረግ ነበር፤ ከራስ እስከ እግር እንዲጠብቀው። ላዩ ላይ ጸሎት አለ፣ የመልአክ ሥዕል አለ፣ የተሰወሩ የሚባሉ ስሞችም ይደረደራሉ። ስሙን የያዘ ኃይሉን ይይዛል ብለው ያምኑ ነበር። ጸሐፊው «አስማት» ሲል ስሞቹን ነው። ውጪ ቆሞ የሚሰማው ሰው ግን ስሞቹ የሚሠሩትን ሥራ ሰማ። ቃሉ ከብራናው ወጥቶ ወደ ሥራው ተሻገረ። ዛሬ «አስማተኛ» ስንል ስም ቆጣሪ ማለታችን አይደለም።

«ድግምት»ም እንደዚያው ነው። «ደገመ» ነው ሥሩ። እናቶቻችን «ዳዊት ደገምኩ» ይላሉ፤ መዝሙሩን በቃል አደረስኩ ለማለት። የተባረከውም የተፈራውም ከአንድ ግስ ነው የወጣው። ሁለቱም ቃልን ደጋግሞ ከማለት ነው። ይህን ሳስብ ዝም ያሰኘኛል። በዳዊቱና በድግምቱ መካከል ያለው ልዩነት ማን ፊት ቆሞ፣ ለምን እንደሚደገም ነው።

ስለ ብዙ ቁጥር ከተነሣ፣ «አጃኢብ» የምንለውም እንደ አስማት ነው። ከዐረብኛ የመጣ ብዙ ቁጥር ሲሆን ድንቆች ማለት ነው። እኛ ግን ለአንዱም ለሺሑም «አጃኢብ ነው» እንላለን።

#11 — ሐኪሙ

ሐሳቤን ለመቀየር ነው የመጣሁት።

#2 ላይ «ከተፈጥሮ ሕግ ውጪ» ብዬ ነበር። ያ የምማርባቸው መጻሕፍት ትርጉም ነው። ለዚያ «ልዕለ ተፈጥሮ» የሚል ቃል ተሠርቶለታል፤ እዚያ ይኑር። ተአምርን ግን በዚያ መለካት ትክክል አልነበረም።

ትናንት ማታ ተረኛ ነበርኩ። አንዲት አያት የልጅ ልጃቸው ሲነቃ «ታምርህን አሳየኸኝ!» አሉ። አሳየኸኝ። ይህን ሐረግ ስንት ጊዜ ሰምቼዋለሁ! «ታምር አደረገ» ብቻ ሳይሆን «ታምሩን አሳየ» ነው የሚባለው። ግሱ ሥሩን ሳያውቅ እየደገመው ነው። ሕፃኑ የዳነው በመድኃኒቱ ነው፤ አያቱም መድኃኒቱን ሲሰጠው አይተዋል። ሁለታችንም ልክ ነበርን። የተጠየቅነው ጥያቄ ነው የተለያየው።

#12 — የብራና ልጅ

ሐኪሙ፣ እግዚአብሔር ይስጥዎት። «አሳየ» ያሉት ትክክል ነው። የተአምረ ማርያም መጽሐፍ ውስጥ እያንዳንዱ ታሪክ «ተአምሪሃ» ብሎ ነው የሚጀምረው፤ የእርሷ ተአምር ማለት ነው። መጽሐፉ ከዐረብኛ ወደ ግእዝ የተተረጎመው በዐፄ ዳዊት ዘመን ነው። ልጃቸው ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ 33ቱን የማርያም በዓላት ሲሠሩ ንባቡን በየቤተ ክርስቲያኑ አጸኑት። ገበሬው ግእዝ ባይሰማም ይህን አንድ ቃል ግን ከዚያ ጀምሮ ለምዶታል። አማርኛ ውስጥ እንዲህ የጠለቀው ለዚህ ይመስለኛል።

#13 — የሰኞ ልጅ

ትናንት እናቴ ዘንድ ሄድኩ። ሁሉንም ነገርኳት። አመረ፣ ትእምርት፣ አያ፣ ዝናቡን። ቡና እያፈላች ሰማችኝ። «እና ምልክት ነው?» አለች። «ምልክት ነው» አልኳት። «ታዲያ ምን መስሎህ ነበር?» አለችኝ።

ከዚያ ጠየቅኋት። «እማ፣ አንቺን ምን አሳየሽ?»

ዝም አለች። ይህን እዚህ የምጽፈው ፈቅዳልኝ ነው። እናቴና አክስቴ በውርስ ምክንያት 3 ዓመት አይነጋገሩም ነበር። ለቅሶ ላይ እንኳ ተራርቀው ነው የሚቀመጡት። ያን ሌሊት ሆስፒታሉ ኮሪደር ላይ ያለው አግዳሚ ወንበር አንድ ብቻ ነበር። አንድ ጋቢ ለብሰው አብረው አደሩ። እኔ ያን ሌሊት ስለ ቀበቶው እየተከራከርኩ ነበር፤ አጠገባቸው ቆሜ አላየሁትም።

#14 — ግእዝ ለሁሉ

የሰኞ ልጅ፣ ለእናትህ ሰላምታዬን አድርስልኝ።

«ምትሃት» ለጠየቀው ጓደኛህ፦ ግእዝ ነው። የሚታይ የሚመስል፣ ግን የሌለ፤ ጥላ ነገር። ደቀ መዛሙርቱ ጌታን ባሕር ላይ ሲራመድ ባዩት ጊዜ «ምትሃት ነው» ብለው የጮኹት ለዚህ ነው። ምትሃት ራሱን ብቻ ያሳያል። ከኋላው ምንም የለም። ከተአምር የሚለየው እዚህ ላይ ነው።

#15 — ብርሃን በቀለም

ዛሬ ጠዋት ሰሌዳው ላይ «ትምህርተ አንክሮ» ብዬ ጻፍኩ። ከዚያ «ምህ»ን አጠፋሁና «እም» አደረግሁት። ለምን እንደሆነ ነገርኳቸው። ያ የጠየቀኝ ተማሪ እጁን አወጣ። «ስለዚህ ቲቸር፣ ታምር ማለት ነጥብ ነው?» አለ። ከምን ላይ እንደምጀምርለት ሳስብ ደወሉ ተደወለ። ለነገ ይዤዋለሁ፤ መምህር፣ ለ10 ዓመት ልጅ እንዴት ይሉታል?